ጥያቄና መልስ፦ ካባ፣ ጄሪካንና ሱፐርሂሮ

ከኮዬ ፈጬ አንዲት እናት፣ የስድስት ዓመት ልጃቸው ነጠላቸውን አንገቱ ላይ ቋጥሮ ከአልጋ እየዘለለ ስላስቸገራቸው ካርቱን ልከልክለው ወይ ይላሉ።

ካርቱኑን ይተዉለት፤ ቋጠሮውን ግን ዛሬውኑ ይፍቱ። ነጠላው የሆነ ነገር ከያዘው አንገቱን ያንቀዋል። በ«ዘ ኢንክሬዲብልስ» (እ.ኤ.አ. 2004) የካርቱን ፊልም ልብስ ሰፊዋ ኤድና ካባ አልሰፋም የምትለው አንዱን ጀግና ሊፍት፣ አንዷን የጄት ሞተር በካባቸው ይዞ ስላጠፋቸው ነው። ያችን ክፍል አብራችሁ እዩ። ካባ ካማረው አጭር ጨርቅ ትከሻው ላይ ሲሳብ በሚላቀቅ ቬልክሮ ያያይዙለት። «እበራለሁ» ብሎ በረንዳ ላይ የሚወጣ ከሆነ ግን በሩን ቆልፉና ሳይውሉ ሳያድሩ የሕፃናት ሐኪም ዘንድ ውሰዱት። የእኔን መልስ አይጠብቁ።

ከሰበታ፦ ባጃጄ ላይ ባትማንን ብስለውስ?

የቅጂ መብት የሚያውቅ ጠበቃ ጠይቅ።

ከቱሉ ዲምቱ ወጣቶች የሦስት ደቂቃ አኒሜሽን ሠርተዋል። ጀግናው ኮንዶሚኒየሙ ላይ ይበራል፣ ከምሰሶ ይጋጫል፣ ይወድቃል፤ የሳቀ ሰው ግን የለም።

ያላሳቀው ጀግናውን ስላደከማችሁት ነው። ኃይሉን አትንኩበት፣ ኑሮውን ለውጡበት! በዚያው በ«ዘ ኢንክሬዲብልስ» ባቡር በክንዱ የሚያቆም ሰው የኢንሹራንስ ሠራተኛ ሆኖ ትንሽ መኪና ውስጥ ተጣጥፎ ይገባል፤ ሳቁም ሐዘኑም ከዚያ ይመጣል። «ሜጋማይንድ» (እ.ኤ.አ. 2010) ደግሞ ክፉው ካሸነፈ በኋላ ምን ሠርቶ ይውላል ብሎ ይጠይቃል። ተቀናቃኝ ሲያጣ ይሰለቸውና ራሱ አዲስ ጀግና ይፈጥራል።

ለእናንተ አንድ ኃይልና አንድ የቤት ጣጣ ይበቃችኋል። ውኃ ጠፍቶ ባለ 20 ሊትር ጄሪካን አራተኛ ፎቅ ያውጣ እንበል። ክንዱ ብሎኩን ያነሣል፤ የጄሪካኑ እጀታ ግን ያን ጉልበት አይችልም፣ በጨበጠው ቁጥር ይገነጠላል። ድምፁ እጀታው በተገነጠለበት ፍሬም (የፊልሙ አንድ ነጠላ ምስል) ላይ በትክክል ይግባ። ከዚያ ፊቱን ሳታንቀሳቅሱ ከ12 እስከ 24 ፍሬም ያዙት፤ በሰከንድ 24 ፍሬም ለሚሄድ ፊልም ይህ ከግማሽ እስከ አንድ ሰከንድ ነው። ወዲያው ወደ ሌላ ቀልድ ከሮጣችሁ ተመልካቹ መሳቂያ ጊዜ ያጣል።

ርዝመቱንም ቀንሱ። አንዱ ሥዕል ለሁለት ፍሬም ቢቆይ እንኳ፣ በሰከንድ 12 ሥዕል ሦስት ደቂቃ 2160 ሥዕል ይፈልጋል፤ 40 ሰከንድ ግን 480። የተረፈውን ጉልበት ፊቱ ላይ አውሉት።

ከለገጣፎ፦ «ኢንቱ ዘ ስፓይደር-ቨርስ» (እ.ኤ.አ. 2018) ፊልም ላይ ልጁ ይንቀጫቀጫል፤ ስልኬ ነው?

አይደለም። ጀማሪው ማይልስ ጫካው ውስጥ ሲወዛወዝ በሰከንድ 12 ሥዕል፣ የለመደው ፒተር ግን በ24 ነው የተሠሩት። ሥዕሉ ሲያንስ እንቅስቃሴው ይቆራረጣል፤ ስልክዎን አያስጠግኑ።