ሩት መሆን ችያለሁ፤ ሥራ ግን አላገኘሁም

ጥያቄ፦ ድሬዳዋ ሳቢያን የምኖር የኮምፒውተር ሳይንስ ተመራቂ ነኝ። ላፕቶፔ ላይ ባዘጋጀኋቸው የሊኑክስ (እንደ ዊንዶውስ ያለ የኮምፒውተር ሥርዓት) መለማመጃዎች ከተራ ተጠቃሚነት ተነሥቼ ሩት፣ ማለትም ሁሉ የተፈቀደለት የሥርዓቱ አዛዥ፣ መሆን እችላለሁ። ጓደኛዬ «የአንዱን ድርጅት ሰርቨር ሰብረሽ አሳያቸው፤ ወዲያው ይቀጥሩሻል» ትለኛለች። ምን ትመክሩኛላችሁ?

መልስ፦ እህቴ፣ የጓደኛሽን ምክር እዚያው ተዪው። ሳይፈቀድልሽ የሰው ሰርቨር ውስጥ መግባት በኮምፒውተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 ያስጠይቃል። «ልቀጠር ብዬ ነው» የሚለው ማስተባበያም ብዙ አያራምድሽም።

ድሬዳዋ ተቀምጠሽ የሰርቨር ሰባሪ ቅጥር ማስታወቂያ ከጠበቅሽ ዕድሜሽ ያልቃል። «የአይሲቲ ባለሙያ» ወይም «ሲስተም አድሚኒስትሬተር» የሚለው ላይ አመልክቺ፤ ችሎታሽ የሚፈለገው እዚያ ነው። ቀጣሪው የሚሻው ግን ሩት መሆንሽን ሳይሆን በምን ቀዳዳ እንደሆንሽና እንዴት እንደሚደፈን ነው።

ሩት በየሌሊቱ የሚያስኬደው የባክአፕ ስክሪፕት (መጠባበቂያ ቅጂ የሚያስቀምጥ የትእዛዞች ፋይል) ፈቃዱ 777 ነው እንበል። ማንበብ 4፣ መጻፍ 2፣ ማስኬድ 1፣ ሲደመሩ 7፤ ሦስቱም ለባለቤቱ፣ ለቡድኑና ለቀረው ሁሉ ተሰጥተዋል ማለት ነው። ማንም ተጠቃሚ አንድ መስመር ቢጨምርበት ሌሊት ሩት ራሱ ይፈጽምለታል። ቃለ መጠይቅ ላይ «ባለቤቱን ሩት፣ ፈቃዱን 700 አደርጋለሁ፤ ለባለቤቱ ብቻ ይሁን» ብሎ የሚያበቃ አመልካች ሞልቷል። ስክሪፕቱ ያለበት ፎልደር ለሁሉም መጻፊያ ክፍት ከሆነና ስቲኪ ቢት (የሌላውን ፋይል መሰረዝ የሚከለክል የፎልደር ምልክት) ካልተደረገበት ግን 700 ብቻውን ከንቱ ነው፤ ፋይሉን ሰርዞ በስሙ ሌላ መተካትን የሚወስነው የፎልደሩ ፈቃድ ነውና። ደግሞም ፈቃዱን ከመቀየርሽ በፊት ውስጡን አንብቢ። ቀድሞሽ አንድ መስመር የሸጎጠበት ሰው ካለ፣ 700 ማድረግሽ የእርሱን መስመር መጠበቅ ብቻ ይሆናል። ይህን ሳትጠየቂ የተናገርሽ እንደሆነ ጠያቂሽ እስክሪብቶውን ማንሣቱ አይቀርም።

ሁሉም ቀዳዳ ከፈቃድ አይመጣም። እ.ኤ.አ. በ2021 ሱዱ (ተጠቃሚ በሩት ሥልጣን ትእዛዝ እንዲፈጽም የሚያስችል ፕሮግራም) ውስጥ ይፋ የሆነው ጉድለት ከ2011 ጀምሮ የነበረ ነው፤ መድኃኒቱም ማዘመን ነበር። ስለ ማዘመን ልማድሽም ተዘጋጂ።

ከመለማመጃዎችሽ ሦስቱን መርጠሽ በየአንዳንዳቸው ሁለት ገጽ ጻፊ፦ ቀዳዳው ምን ነበር፣ ማን ከፈተው፣ እንዴት ተደፈነ፣ መደፈኑን በምን አረጋገጥሽ። ከዚራ ያለ የትራንዚት ቢሮ ሥራ አስኪያጅ ሊኑክስ ላያውቅ ስለሚችል የመጀመሪያው አንቀጽ ለእርሱ የሚገባ አማርኛ ይሁን።

ሊኑክስ አቅራቢ የሆነው የሬድ ሃት ኩባንያ የምስክር ወረቀት ፈተና በተግባር የሚሰጥ በመሆኑ አከብረዋለሁ። ሆኖም ክፍያው የሚተመነው በዶላር ነው፤ የመጀመሪያ ደመወዝሽን ሳታገኚ ከዘመድ ተበድረሽ አትመዝገቢ።