ካታሊን ካራዲ፦ ጥያቄያችሁና መልሴ

ስለ ሀንጋሪያዊቷ የፊልም ተዋናይት ስለ ካታሊን ካራዲ የፈለጋችሁትን ጠይቁኝ ብዬ ነበር። ብዙ ጥያቄ ስለመጣ ደስ ብሎኛል። ዓመቶቹን በሙሉ የጻፍኳቸው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ጥያቄ፦ ስሟን ሰምቼ አላውቅም። ማን ናት?

በ1910 ቡዳፔስት ውስጥ ከድሃ ቤተሰብ ተወለደች። አባቷ ጫማ ሰፊ ነበር። የቤተሰቧ ስም ካንትስለር ነው፤ ካራዲ የተባለችው በሙያዋ ነው። በ1939 «ገዳይ ፀደይ» በተባለው ፊልም ብቅ አለችና በአንድ ጀምበር ዝነኛ ሆነች።

ጥያቄ፦ ቆንጆ ተዋናይት መቼ ጠፋ? እሷን ምን ለየት አደረጋት?

ድምጿ! ወፍራምና ዝግ ያለ ነው። ስትዘፍን የምታወራ ነው የሚመስለው። በዚያ ዘመን የሀንጋሪ ፊልም በአብዛኛው ቀለል ያለ ኮሜዲ ነበር፤ ሴቷም ሳቂታ ልጃገረድ ናት። ካራዲ ግን የምትፈልገውን የምታውቅ፣ ብዙ ያየች ሴት ሆና መጣች። የቡዳፔስት ሴቶች ፀጉራቸውን እንደ እሷ መሠራት ጀመሩ። «ገዳይ ፀደይ» ላይ የዘፈነችውን የቲቦር ፖልጋርን ዜማ ፈልጋችሁ ስሙት፤ ቋንቋውን ባታውቁም ስሜቱ ይገባችኋል።

ጥያቄ፦ ሰላይ ነበረች የሚባለው እውነት ነው?

ወሬው የመጣው ከፍቅረኛዋ ነው። ኢሽትቫን ኡይሳሲ የሀንጋሪ ወታደራዊ የስለላ ክፍል ኃላፊ ነበር። በመጋቢት 1944 የጀርመን ጦር ሀንጋሪን ያዘ። ወር ያህል ቆይቶ የናዚ ጀርመን ምስጢራዊ ፖሊስ ጌስታፖ ካራዲን ጀርመንን ለሚወጉት ለተባባሪዎቹ ኃይሎች ትሰልላለች ብሎ አሰራት። ሦስት ወር ያህል ታሰረች፤ ክፉኛም ተደበደበች። ስትፈታ ቤቷ ተዘርፎ ነበር። ኡይሳሲ ደግሞ በኋላ በሶቪየቶች እጅ ወደቀ፤ የት እንደደረሰም ሳይታወቅ ቀረ።

ጥያቄ፦ እኔ ያለሁት እስራኤል ነው። አይሁዶችን አድናለች ሲባል ሰምቻለሁ። ምን አድርጋ ነው?

ይህን ስለጠየቅሽ አመሰግናለሁ። ስለ እሷ ሲወራ ሁልጊዜ አለባበሷና ፍቅሯ ይቀድማል፤ እኔ ግን መቅደም ያለበት ይህ ነው እላለሁ።

በጥቅምት 1944 የናዚዎች ደጋፊ የሆነው የሀንጋሪ የቀስት መስቀል ፓርቲ ሥልጣን ያዘ። ታጣቂዎቹ በዚያ ክረምት አይሁዶችን ዳኑብ ወንዝ ዳር እያሰለፉ ይረሽኑ ነበር። ካራዲ ወደዚያው ሄዳ ወርቋንና ጌጣጌጧን ለታጣቂዎቹ እየሰጠች ሕፃናትን አስለቀቀች። ልጆቹን ቤቷ ወስዳ ደበቀቻቸው። ልብ በሉ፣ ከእስር ከወጣች ገና ጥቂት ወራት ነው። መልኳን ደግሞ ከተማው በሙሉ ያውቀዋል። እንደገና ብትያዝ የሚጠብቃትን ከማንም በላይ ታውቅ ነበር። በናዚዎች ለተጨፈጨፉት አይሁዶች መታሰቢያ የሆነው የእስራኤል ተቋም ያድ ቫሼም በ2004 «ከአሕዛብ መካከል ጻድቅ» የሚለውን፣ አይሁዶችን ላዳኑ አይሁድ ላልሆኑ ሰዎች የሚሰጠውን ክብር ሰጥቷታል። እሷ ግን ከሞተች 14 ዓመት አልፏት ነበር።

ጥያቄ፦ ታዲያ ለምን ከአገሯ ወጣች?

ሥራ አሳጧት። አዲሱ የኮሚኒስት መንግሥት የድሮውን ዘመን ኮከብ አልፈለጋትም። ፊልሞቿ ከሲኒማ ቤት ጠፉ። በ1951 ድንበር ተሻግራ ወጣች። መጀመሪያ አውሮፓ ውስጥ ቆየች፤ ከዚያ ብራዚል ገብታ ሳኦ ፓውሎ ውስጥ የባርኔጣ ሱቅ ከፈተች። በ1968 ደግሞ ወደ ኒው ዮርክ ተሻገረች፤ እዚያም ሥራዋ ባርኔጣ ነበር።

ጥያቄ፦ ወደ ፊልም ሥራ አልተመለሰችም?

አልተመለሰችም። ሃያ ያህል ፊልሞች ሠርታለች፤ ከሞላ ጎደል ሁሉም ከ1939 እስከ 1944 ባሉት ዓመታት የተሠሩ ናቸው።

ጥያቄ፦ አገሯንስ ዳግመኛ አየች?

በሕይወት እያለች አላየችም። 70 ዓመት ሲሞላት ከሀንጋሪ ግብዣ ደርሷት ነበር። እሷ ቀረችና በምትኳ አንድ ባርኔጣ ላከች። እኔ አልፈርድባትም፤ ያሳለፈችው ቀላል አይደለም። በየካቲት 1990 ኒው ዮርክ ውስጥ ስታርፍ አስከሬኗ ቡዳፔስት ተወስዶ በፋርካሽሬት መቃብር ተቀበረ።

ጥያቄ፦ አንድ ፊልሟን ብቻ ልይ ብል የትኛውን ትመርጥልኛለህ?

ብዙ ሰው «ገዳይ ፀደይ»ን ይልሃል። እኔ ግን ወንዝ ይዞት ስለመጣው ነገር የሚያወራውን የ1944ቱን ፊልም እመርጥልሃለሁ። ዓሣ አጥማጆች ከውሃ ያወጧትን ሴት ሆና ትሠራለች፤ አብሯት ያለው ተዋናይ ፓል ያቮር ነው። እዚያ ላይ ብዙ አትናገርም። በዓይኗ ብቻ ምን ያህል መሥራት እንደምትችል ታያለህ። «ገዳይ ፀደይ»ን ከዚያ በኋላ ተመልከተው።