ስለ ክሪና ናስካፒ ጠየቃችሁ፣ ይኸው መልሱ

የምሠራው ካናዳ ውስጥ፣ በኩቤክ ክፍለ ሀገር ሰሜን፣ ጄምስ ቤይ የሚባለው የባሕር ወሽመጥ አጠገብ ባለ የክሪዎች መንደር ነው። ሥራዬ ጤና ላይ ነው፤ ታሪኩን የተማርኩት ግን ከሰው ጋር ሻይ ስጠጣ ነው። አዲስ አበባ ያሉ ወዳጆቼም፣ ካናዳ የከረሙ ሐበሾችም ስለ ክሪና ናስካፒ፣ ስለ ሁለቱ የካናዳ ነባር ሕዝቦች፣ የሚጠይቁኝ ነገር ስለሚመሳሰል «ላኩልኝና አንድ ላይ ልመልስ» ብዬ ነበር። ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ በፈረንጅ ነው።

ሄኖክ (ዊኒፔግ)፦ እኛ ጋ ያሉት ክሪዎችና አንተ ያለህበት አገር ያሉት አንድ ናቸው? ናስካፒዎቹስ?

ዝምድና አላቸው፤ አገራቸውና አስተዳደራቸው ግን ለየቅል ነው። ክሪ ከኩቤክ እስከ አልበርታ የተዘረጋ ትልቅ ሕዝብ ነው። እዚህ የማወራው ከጄምስ ቤይ በስተምሥራቅ ስላሉት ብቻ ነው። አገራቸውን ኢዩ ኢስቺ ይሉታል። ዘጠኝ መንደር አላቸው። ዋፕማጉስቱዪ፣ ቺሳሲቢ፣ ዌሚንጂ፣ ኢስትሜይንና ዋስካጋኒሽ ወደ ባሕሩ ናቸው። ኔማስካ፣ ዋስዋኒፒ፣ ኡጄ ቡጉሙና ሚስቲሲኒ ደግሞ ወደ መሀል ገባ ይላሉ። ሕዝቡ ተደምሮ ከ18,000 ይበልጣል።

ናስካፒዎች ቋንቋቸው ለክሪ የቀረበ፣ ግን ራሱን የቻለ ሕዝብ ናቸው። ኩቤክ ውስጥ ያላቸው መንደር አንድ ነው፤ ካዋዋቺካማች። ከሼፈርቪል ከተማ 15 ኪሎ ሜትር ያህል ወጣ ብሎ፣ ላብራዶር ድንበር አጠገብ ነው። ቁጥራቸው አንድ ሺህ ከምናምን ነው።

ትዕግሥት (አዲስ አበባ)፦ ግድብ በመቃወም ነው የታወቁት ይባላል። ግድብ ምን ያደርጋል እንዴ?

እኛ አገር ግድብ ሲባል ደረት ስለሚነፋ ጥያቄሽ ይገባኛል። የነሱ ጥያቄ ግን «ማን ጠየቀን?» የሚል ነበር።

ኤፕሪል 1971 ላይ የኩቤክ ጠቅላይ ሚኒስትር ሮበር ቡራሳ የጄምስ ቤይን ወንዞች ገድቦ መብራት የማመንጨት ዕቅዱን አወጀ። ወንዞቹ የክሪዎች ማደኛና ማጥመጃ ናቸው። አንድም ክሪ አልተጠየቀም። ወሬውን እንደማንኛውም ሰው ከሬዲዮና ከጋዜጣ ሰሙ። ያኔ «የክሪ መንግሥት» የሚባል ነገር የለም፤ እያንዳንዱ መንደር የራሱ አለቃ ነበረው፣ በቃ። የመንደር አለቆቹ በዚያው በጋ ሚስቲሲኒ ላይ ተሰበሰቡ። ከመካከላቸው አንዱ የዋስካጋኒሹ ቢሊ ዳይመንድ ነበር። ገና ሃያዎቹ መጀመሪያ ላይ ያለ ልጅ ነው።

ፍርድ ቤት ሄዱ። ከጫካ የመጡ አዳኞች በአስተርጓሚ እየመሰከሩ ችሎቱ ወራት ፈጀ። ኖቬምበር 1973 ዳኛ አልበር ማሉፍ ሥራው ይቁም ብለው አገዱ። ደስታው አንድ ሳምንት ቆየ። ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት እግዱን አነሳውና ዶዘሮቹ ተመለሱ። ግን ያቺ ሳምንት መንግሥትን አስደንግጣዋለች። ሕጋዊ መብት አላቸው የሚለው ነገር ከዚያ በኋላ ዝም ብሎ የሚታለፍ አልሆነም። ክሪዎቹ በ1974 ታላቁን ምክር ቤት አቋቁመው ዳይመንድን ታላቅ አለቃ አደረጉ። የሰሜን ጫፍ ነባር ሕዝብ ከሆኑት ከኢኑዊቶች ጋር ሆነውም ኖቬምበር 11 ቀን 1975 ከኩቤክና ከካናዳ መንግሥታት ጋር የጄምስ ቤይና የሰሜን ኩቤክ ስምምነትን ፈረሙ።

እንግዲህ ዛሬ የምታዪው የክሪ ትምህርት ቦርድ፣ የክሪ ጤና ቦርድ፣ ሌላውም ሌላውም መነሻው ያ ሙግት ነው። ደግ መንግሥት አስቦላቸው የሰጣቸው አይደለም።

ዮናስ (ዋሽንግተን)፦ ታዲያ መሬቱን ሸጡት ማለት ነው?

አንተ ደግሞ ቁስሉን ነው የነካኸው። ውሉ ላይ ክሪዎቹ በመሬቱ ላይ ያላቸውን የቀድሞ መብትና ይገባኛል ባይነት ይተዋሉ የሚል አንቀጽ አለ። በልዋጩ የተዘረዘሩ መብቶችን አገኙ፤ ለክሪና ለኢኑዊት በአንድነት 225 ሚሊዮን ዶላር ካሳም ተከፈለ። ሽማግሌዎቹን ብትጠይቅ «መሬት አይሸጥም፣ ለመኖር ተስማማን እንጂ» ይሉሃል። ጠበቃ ብትጠይቅ ሌላ ይልሃል። እኔን ከጠየቅከኝ፣ ዶዘሩ ሥራ ላይ እያለ የተፈረመ ውል ነጻ ውል ነው ለማለት ይከብደኛል።

መሬቱ በሦስት ምድብ ተከፈለ። አንደኛው ምድብ መንደሮቹ ያሉበትና ክሪዎቹ ራሳቸው የሚያስተዳድሩት ነው፤ 5,500 ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ። ሁለተኛው ወደ 70,000 ይጠጋል። እዚያ ማደን፣ ማጥመድና ወጥመድ መጣል ለነሱ ብቻ የተፈቀደ ነው፤ መሬቱ ግን የኩቤክ ነው። የቀረው ሰፊ አገር ሦስተኛ ምድብ ነው። ክሪዎቹ ያድኑበታል፤ ሌላውም ሰው እንደሕጉ ይገባበታል። ማዕድኑም፣ እንጨት ቆረጣውም፣ ጭቅጭቁም በብዛት ያለው እሱ ላይ ነው።

ሰብለ (ለንደን)፦ በፊት «ለአዳኝ ደመወዝ ይከፈላል» ብለኸኝ ነበር፤ አላመንኩም።

እመኚ። ከ1975ቱ ስምምነት ውስጥ እኔ በጣም የምወደው ይሄን ነው። አንድ ቤተሰብ ኑሮዬ አደን ነው ካለና በዓመት ቢያንስ 120 ቀን ጫካ ካሳለፈ ክፍያ ያገኛል። የሚታሰበው በዋለበት ቀን ልክ ነው። ድጎማ ሳይሆን የሥራ ዋጋ ነው ብለው ነው የተደራደሩበት።

አገሩ ወደ 300 በሚሆኑ የአደን ክልሎች የተከፋፈለ ነው። እያንዳንዱ ክልል አለቃ አለው። ዘንድሮ ቢቨር (ለጸጉሩ የሚታደን የውሃ እንስሳ) እዚህ ኩሬ ላይ አይያዝ፣ እዚያ ጋ ሙስ (ትልቁ የሰሜን አጋዘን) አይነካ የሚለው እሱ ነው። በየትኛው ምክር ቤትም አልተመረጠም፤ ከአባት፣ ከአጎት የወረሰው ነው። የእንጨት ኩባንያ ዛፍ ሊቆርጥ ሲመጣ ካርታ ዘርግቶ የሚነጋገረው ከዚህ ሰው ጋር ነው። አዛውንቱ ጣታቸውን ካርታው ላይ አድርገው «ይሄ የሙስ መክረሚያ ነው፣ ይሄን አትንኩ» ሲሉ ብታዪ፣ የመንደር አስተዳደር ማለት ቢሮ ብቻ እንዳልሆነ ይገባሽ ነበር።

ሄኖክ እንደገና፦ ናስካፒዎቹን ረሳሃቸው እኮ።

አልረሳሁም። የነሱ ታሪክ ይከብዳል።

ናስካፒ የካሪቡ አዳኝ ነው። ካሪቡ ሰሜን ያለ የአጋዘን ዘር ነው፤ መንጋው ይሄዳል፣ ሰው ይከተላል። የሃድሰን ቤይ ኩባንያ ግን ለጸጉር ንግዱ ሲመቸው ከአንድ ጣቢያ ወደ ሌላው ሲያዛውራቸው ኖረ። በመጨረሻ ሰሜን ያለው ፎርት ቺሞ የሚባል ጣቢያ ደረሱ። እዚያም ረሃብና በሽታ ፈጃቸው። በ1956 ወደ ሼፈርቪል ወረዱ። 600 ኪሎ ሜትር ግድም መንገድ ነው። አብዛኞቹ በእግራቸው ነው የመጡት፣ ልጅና ሽማግሌ ይዘው። የብረት ማዕድን ተከፍቷል፣ ሥራ አለ ተብሎ ነበር። ሲደርሱ የጠበቃቸው ቤት አልነበረም።

በጄምስ ቤይ ውል ውስጥ ስላልነበሩ ጃንዋሪ 31 ቀን 1978 የራሳቸውን ፈረሙ፤ የሰሜን ምሥራቅ ኩቤክ ስምምነት ይባላል። በዚያ ውል መሠረት ቦታ መርጠው ካዋዋቺካማችን ሠሩና በ1980ዎቹ መጀመሪያ ገቡበት። ልክ ያኔ ደግሞ ማዕድኑ ተዘጋ! ሼፈርቪል ባዶ ቀረች፤ ባቡሩም ሊቆም ሆነ። በ2005 ናስካፒዎችና ሁለት የኢኑ ማኅበረሰቦች የሐዲዱን ሰሜናዊ ክፍል ተረክበው ጺዌቲን የሚባል የባቡር ድርጅት አቋቋሙ። ኢኑ ስል ኢኑዊት ማለቴ አይደለም፤ የናስካፒ የቅርብ ዘመድ የሆነ ሌላ ሕዝብ ነው። ወደዚያ ከደቡብ የሚያስገባ የመኪና መንገድ ስለሌለ፣ ደቡብ ካለችው የወደብ ከተማ ከሴቲል የሚነሳው ባቡር ቀርቶ ቢሆን ፍሪጅ ለመግዛትም አውሮፕላን መከራየት ነበር።

ካሪቡውስ? የጆርጅ ወንዝ መንጋ በ1990ዎቹ ወደ 800,000 ይገመት ነበር። በ2018 ቆጠራ 5,500 ነው የተገኘው። ለካሪቡ አዳኝ ይህ ምን ማለት እንደሆነ ገምቱት።

አቤል (ቴል አቪቭ)፦ የመንደሩ መንግሥት ሥልጣን ምን ያህል ነው? ቀበሌ ነው ወይስ ክልል?

በኛ ሚዛን አይመዘንም። ቀድሞ ሁሉም የሚተዳደሩት በ1876ቱ የኢንዲያን ሕግ ነበር። የመንደር ምክር ቤት ያወጣውን ደንብ ኦታዋ ያለ ሚኒስትር ሊሽረው ይችል ነበር። በ1984 የካናዳ ፓርላማ የክሪና ናስካፒ ሕግን አጸደቀ። በካናዳ የነባር ሕዝብን ራስን ማስተዳደር በሕግ ያጸና የመጀመሪያው እሱ ነው። ከዚያ ወዲህ መንደሮቹ ደንብ ሲያወጡ የማንንም ማኅተም አይጠብቁም። ቤት፣ ውሃ፣ ቆሻሻ፣ የመሬት አጠቃቀም፣ በጀት፣ ሁሉም በምክር ቤቱ እጅ ነው።

ክሪዎቹ በ2018 ከዚያም አልፈው ሄዱ። ከፌደራሉ ጋር በተፈራረሙት የአስተዳደር ስምምነት በአንደኛ ምድብ መሬታቸው ላይ የራሳቸውን ሕግ ያወጣሉ፤ የራሳቸው ሕገ መንግሥትም አላቸው። ናስካፒዎቹ በቀድሞው ሕግ ሥር ቀሩ።

ሌላም አለ። ከ2014 ጀምሮ ሦስተኛ ምድብ መሬት ላይ የሚሠራ የኢዩ ኢስቺ ጄምስ ቤይ ክልላዊ መንግሥት አለ። ሲቋቋም እንደ ሺቡጋሞና ማታጋሚ ባሉ ከተሞች ያሉት ነጮችና ክሪዎቹ እኩል ወንበር ይዘው ተቀመጡበት። ክሪዎቹ በቁጥር ከነሱ ቢበልጡም እኩል ይሁን ብለው ተስማሙ። ስብሰባው አንዳንዴ አሰልቺ ነው ይሉኛል፤ የቆሻሻ መኪና፣ የመንገድ ጠጠር። እኔ ግን መሰልቸቱ ጥሩ ምልክት ይመስለኛል።

ሩት (አዳማ)፦ ፊደላቸው ከኛ ፊደል ጋር ይመሳሰላል ሲባል ሰማሁ። ከኢትዮጵያ ሄዶ ነው?

አይደለም፤ እባካችሁ ይሄን ወሬ አታሰራጩ። ፊደሉን በ1840 ማኒቶባ ውስጥ ያስፋፋው ጄምስ ኢቫንስ የሚባል ሚስዮናዊ ነው። ሐሳቡ ግን ይቀራረባል። እኛ ለ፣ ሉ፣ ሊ ስንል ቅርጹ ላይ እግር ወይም እጅ እንቀጥላለን። እነሱ ምንም አይቀጥሉም፤ ቅርጹን ያዞሩታል። አፉ ወደ ላይ ከሆነ አንድ ድምፅ፣ ወደ ጎን ሲዞር ሌላ ድምፅ። ኩቤክ ያሉት ክሪዎችና ናስካፒዎች አሁንም ይጽፉበታል። የመንደሩ ምልክቶች፣ የክሊኒካችንም በር ላይ አለ። የክሪ ልጆች የመጀመሪያ ክፍሎችን የሚማሩት በቋንቋቸው ነው። ትልልቆቹ ግን ዘንድሮ ልጆች ስልክ ላይ እንግሊዝኛ አበዙ እያሉ ያማርራሉ፤ እንደኛው።

ዮናስ በድጋሚ፦ ከ1975 በኋላ ሰላም ወረደ?

ኧረ የት! ውሉ ከተፈረመ በኋላ ፈጽሙልን እያሉ ሲካሰሱ ኖሩ። በግድቡ ውሃ የተዋጠው ዛፍና አፈር ሲበሰብስ ሜርኩሪ የሚባለው መርዛማ ብረት ዓሣ ውስጥ ገባ፤ ሰው የወንዙን ዓሣ መቀነስ ነበረበት። የፎርት ጆርጅ ደሴት ነዋሪዎች ወንዙ ዳርቻውን ይበላዋል ተብሎ ከ1979 ጀምሮ ወደ ቺሳሲቢ ተዛወሩ። ቤት ሳይቀር ተነቅሎ ነው የተሻገረው።

ከዚያ ታላቁ ዌል ወንዝም ይገደብ ተባለ። በ1990 ክሪዎችና ኢኑዊቶች ግማሹ ካኑ (የክሪዎች ጀልባ)፣ ግማሹ ካያክ (የኢኑዊቶች ጀልባ) የሆነ ጀልባ ሠርተው «ኦዴያክ» አሉት። እየቀዘፉ ኒውዮርክ ድረስ ወረዱ። መብራቱን የሚገዛው ኒውዮርክ ነበራ! ኒውዮርክ በ1992 ውሉን ተወ፤ በ1994 ፕሮጀክቱ ቆመ። በ1995 ደግሞ ኩቤክ ከካናዳ ልገንጠል ብላ ሕዝበ ውሳኔ ስትጠራ ክሪዎቹ የራሳቸውን ጠሩ። ከ96 በመቶ በላይ «ያለፈቃዳችን አንሄድም» አሉ።

በ2002 ነው ነገሩ የረገበው። ታላቁ አለቃ ቴድ ሞሰስና ጠቅላይ ሚኒስትር በርናር ላንድሪ ዋስካጋኒሽ ላይ የጀግኖች ሰላም የሚባለውን ፈረሙ። ክሪዎቹ ክሶቻቸውን ተዉ፣ የሩፐርት ወንዝ ለመብራት ማመንጫ በከፊል እንዲዞር ተስማሙ። በምላሹ በ50 ዓመት 3.5 ቢሊዮን ዶላር፣ በደኑ ላይም የመወሰን ድርሻ አገኙ። ሩፐርት ዳር ያደጉ ሰዎች ይሄን ሲያነሱ እስከ ዛሬ ፊታቸው ይለወጣል።

ስሟን እንዳልጽፍ የጠየቀች ነርስ (ኦታዋ)፦ እዚያ ልሠራ አስቤያለሁ። ኢግሉ ውስጥ ነው የሚኖሩት? ምን ልዘጋጅ?

ኢግሉ፣ ያ የበረዶ ቤት፣ የለም እህቴ፤ እሱም የኢኑዊት ነው። እዚህ ማሞቂያ ያለው ተራ የእንጨት ቤት ነው። ብዙ ሰው ከጓሮው የማብሰያ ድንኳን አለው። ወለሉ ላይ የጥድ ቅርንጫፍ ይነጠፋል፣ መሀል እሳት ይነዳል። ዝይዋን በገመድ አንጠልጥለው እሳቱ ዳር ቀስ እያለች እንድትዞር ይለቋታል፤ ከሥሯ የሚንጠባጠበውን ስብ በዕቃ ይቀበላሉ። ከተጋበዝሽ እንዳትግደረደሪ።

የኩቤክን የነርሶች ማኅበር ፈቃድ ስለሚያስፈልግሽ ፈረንሳይኛሽን አጠናክሪ። መንደር ውስጥ ግን ከክሪ ቀጥሎ የሚሰማው በብዛት እንግሊዝኛ ነው። በመኪና የምትመጪ ከሆነ ከማታጋሚ ወደ ሰሜን የሚወጣው የቢሊ ዳይመንድ መንገድ 620 ኪሎ ሜትር ነው። ማደያ የምታገኚው 381ኛው ኪሎ ሜትር ላይ ነው፤ ማታጋሚ ላይ ሳትሞዪ እንዳትነሺ። ዋፕማጉስቱዪ ከተመደብሽ መንገድ የለም፣ በአውሮፕላን ነው።

ሌላው፣ ከኤፕሪል መጨረሻ ጀምሮ ሁለት ሳምንት ያህል የዝይ አደን ነው። ትምህርት ቤቱ ይዘጋል፣ ቢሮው ይዘጋል፣ ሕዝቡ ጫካ ይገባል። ለዚያ ሰሞን ለታካሚ ቀጠሮ አትስጪ፤ ማንም አይመጣም።