«ፈርሚና ገንዘቡን ውሰጂ» አሉኝ

ጥያቄ፦ ባለቤቴ ቸርችል ጎዳና ላይ መንገድ ሲሻገር አይሱዙ ገጭቶት ሞተ። መርካቶ በጉልበት ሥራ ነበር እኔንና ሁለት ልጆቹን የሚያኖረው። ሰልስቱ ሳይወጣ የመኪናው ባለቤት ሽማግሌ ላከብኝ። 60 ሺህ ብር ይዘው መጥተው «ከእንግዲህ ምንም ጥያቄ የለኝም» የሚል ወረቀት ፈርሚ አሉኝ። ኢንሹራንሱ ከ40 ሺህ አያልፍም፣ ይሄ ይሻልሻል ይላሉ። ባለመኪናው ደግሞ «ሹፌሩ ያለ ፈቃዴ ነው የነዳው» ማለት ጀምሯል። አማቴ፣ እንዲሁም ባለቤቴ ያስተምረው የነበረው ታናሽ ወንድሙም እኔ ጋ ናቸው። ምን ላድርግ?
(ከተክለ ሃይማኖት)

መልስ፦ እህቴ፣ ነፍስ ይማር። ወረቀቱን አትፈርሚ። ቢያንስ ዛሬ አትፈርሚ።

ሽማግሌዎቹ ክፉ ናቸው ማለቴ አይደለም። ሽማግሌ መላክ ወግ ነው። ግን ይቅርታና ካሳ ለየቅል ናቸው። በቸልተኝነት ሰው መግደል ወንጀል ስለሆነ ብትታረቁም የሹፌሩ ክስ አይቀርም፣ እርቁ ግን ቅጣቱን ሊያቀልለት ይችላል። ስለዚህ «ታርቀናል፣ ይህን ያህል ተቀብያለሁ፣ የቀረው የካሳ መብቴ የተጠበቀ ነው» ብለሽ ብትፈርሚ ለሹፌሩም ይጠቅመዋል፣ አንቺንም አይጎዳሽም። «ምንም ጥያቄ የለኝም» ግን ሌላ ነገር ነው። በፍትሐ ብሔር ሕጉ እርቅ በታራቂዎቹ መካከል እንደ መጨረሻ ፍርድ ነው የሚቆጠረው። ኋላ አነሰኝ ብለሽ ልደታ ፍርድ ቤት ብትሄጂ መጀመሪያ የሚያሳዩሽ ያንን ፊርማ ነው።

40 ሺህ የሚሉት ከአዋጅ 799/2005 የመጣ ነው። አዋጁ ሲወጣ የሦስተኛ ወገን መድን ለአንድ ሰው ሞት የሚከፍለው ከ5,000 እስከ 40,000 ብር ነበር። እንዲህ ያለ ጣሪያ ይሻሻላልና አደጋው በደረሰበት ቀን የሚሠራውን ከመድን ድርጅቱ ጠይቂ። ደግሞ ኢንሹራንሱ ከፈለ ማለት ባለመኪናው ተገላገለ ማለት አይደለም። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2081 መሠረት የመኪና ባለቤት፣ የነዳው ሰው ያልተፈቀደለት ቢሆን እንኳ፣ መኪናው ላደረሰው ጉዳት ኃላፊ ነው። መኪናው ተሰርቆበት ከነበረ ያንን እሱ ያስረዳ። ባለቤትሽ ራሱ ጥፋት ነበረበት ከተባለ ግን ካሳው ሊቀንስ ስለሚችል፣ ትራፊክ ፖሊሱ ያነሳውን ፕላን (የአደጋውን ቦታ ንድፍ) ዛሬ ነገ ሳትዪ ተከታተዪ፤ ዜብራ ላይ ነበር ወይስ አልነበረም የሚለው እዚያ ላይ ነው የሚታየው።

ስንት ይገባሻል? ዕድሜው፣ ገቢው፣ ለራሱ ከሚያወጣው ተርፎ ቤት የሚደርሰው ይታያል። የደመወዝ ወረቀት የለውም ብለሽ ተስፋ አትቁረጪ፣ አብረውት የሚሠሩት ይመስክሩ፤ ልኩ በትክክል ካልታወቀ ዳኛው በርትዕ፣ ማለትም ፍትሐዊ ነው ብሎ ባመነበት ልክ፣ ይወስናል። እስቲ አስቢው፣ በወር 5 ሺህ ብቻ ለቤት ይሰጥ ነበር ብንል 60 ሺህ የአንድ ዓመት ነው። ልጆችሽ ስንት ዓመት ይቀራቸዋል? ለኅሊና ጉዳት (ለሐዘኑ) የሚባለው ካሳ ደግሞ በ1952ቱ ሕግ ከ1,000 ብር አይበልጥም፣ ዛሬ ለለቅሶ ድንኳን ኪራይ እንኳ አይበቃም።

አንቺ፣ ልጆችሽና አማትሽ መጠየቅ ትችላላችሁ። ወንድሙ ግን አይችልም። ሟቹ ይረዳው እንደነበር ቢያስረዳ እንኳ ሕጉ አይሰማውም። ይሄ አንቀጽ ሁልጊዜ ያናድደኛል፣ በእኛ አገር ታላቅ ወንድም አባት አይደል እንዴ?

ክሱ በ2 ዓመት ውስጥ ይከፈት። የጋብቻና የልጆቹን የልደት ማስረጃ፣ የሞት ማስረጃውን፣ የአስከሬን ምርመራ ውጤቱን ከአሁኑ ሰብስቢ። ለዳኝነት የሚከፈል ከሌለሽ በድሃ ደንብ ክሰሺ። የኢትዮጵያ ሴቶች ሕግ ባለሙያዎች ማኅበርም ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣል።

ጥያቄ፦ አባታችንን ለገሃር አካባቢ ሌሊት መኪና ገጭቶ አመለጠ። ታርጋውን ያየ የለም። በቃ ቀረ ማለት ነው?

መልስ፦ አልቀረም። ገጭቶ ላመለጠና መድን ለሌለው መኪና ሰለባዎች የሚከፍል ፈንድ አለ፣ የመንገድ ደህንነትና መድን ፈንድ አገልግሎት ይባላል። መጀመሪያ ግን ፖሊስ አደጋውን መዝግቦ፣ መኪናው አልተገኘም የሚል ማስረጃ ይስጣችሁ። ያለዚያ ወረቀት ሄዳችሁ አትንከራተቱ።